ከግድግዳው ወዲያ የነበሩት

ቀረብ በሉ ወገኖቼ፣ ቀረብ በሉና ተቀመጡ፤ ሕፃናት ካሉም ወደ ጓዳ ይግቡና እዚያ ይጫወቱ፤ የዛሬው ወግ ለእነሱ ጆሮ አይሆንም። ለእናንተም ቢሆን የማይነገረውን ዘልዬ የሚነገረውን ብቻ ነው የማወጋችሁ፤ የተዘለለውን አስተዋይ ሰው ራሱ ይሞላዋል። ዘመኑን በፈረንጆቹ እቆጥራለሁ፣ ታሪኩ የአሜሪካ ነውና።

በኒው ዮርክ ከተማ፣ ብሮንክስ በሚሉት ሰፈር፣ በ1949 ጃንዋሪ ላይ አንዲት ሴት ልጅ ተወለደች፤ ስሟንም ሊንዳ ቦርማን አሏት። አባቷ ፖሊስ፣ እናቷ የምግብ ቤት አስተናጋጅ ነበሩ፤ ቤቱ የካቶሊክ ቤት ነው፣ ቁጥጥሩም ጥብቅ ነበር። ልጅቷም በቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤት ተማረች፤ ጎረምሶች ጠጋ ሲሏት እሷ ራቅ እያለች ስላስቸገረች የክፍል ጓደኞቿ «ቅድስቲቱ» እያሉ ያሾፉባት ነበር። ኋላ ዓለም ያወጣላትን ስም ላወቀ ሰው ይህ ነገር ሳያስገርመው አይቀርም።

16 ዓመት ሲሆናት አባቷ ጡረታ ወጡ፤ ቤተሰቡም ጓዙን ጠቅልሎ ከኒው ዮርክ ብርድ ወደ ፍሎሪዳ ፀሐይ ወረደ። እዚያም 20 ዓመት ገደማ ሲሆናት ሳታገባ ወለደች፣ ልጁም ለማደጎ ተሰጠባት፤ የፈረመችው ወረቀት ምን እንደሆነ በቅጡ አልገባኝም ነበር ብላ ኋላ ተናግራለች። ከዚያም ሐዘኗን ይዛ ወደ ኒው ዮርክ ተመለሰች፣ ኮምፒውተር ልማር ብላ ትምህርት ጀመረች፤ ወዲያውም የመኪና አደጋ ደረሰባት፤ አጥንቷ ተሰበረ፣ ጉበቷ ተጎዳ፣ ሆዷም ተሰፋ። በሕክምናው የሰው ደም ሰጧት፤ በዚያ ዘመን ደም እንደ ዛሬው አይመረመርም ነበርና ከደሙ ጋር ቀስ ብሎ ጉበት የሚበላ በሽታ አብሮ ገባ። ይህን ያዙልኝ፣ ወደ ኋላ እንደርስበታለን።

እንግዲህ ቁስሏ እስኪሽር ፍሎሪዳ እናት አባቷ ቤት ገብታ ተኛች፤ ትንሽ ሲሻላትም ፀሐይ መሞቅ ጀመረች። በዚያ ሰሞን ነው ቸክ ትሬይነር የሚባል ሰው የመጣው። ዕድሜው ከ30 ያለፈ፣ መጠጥ ቤት ያለው፣ ጃጓር መኪና የሚነዳ፤ በር ይከፍትላታል፣ ሲጋራዋን ይለኩስላታል፣ ምን ማድረግ ደስ እንደሚላት ይጠይቃታል። እንደ ልጅ በሰዓት ገደብ በምትወጣበትና በምትገባበት ቤት ለተቀመጠች የ21 ዓመት ወጣት ይህ ቀላል ነገር አይደለም። እያሳሳቀ የሚወስድ ውሃ ይላሉ አበው። አብራው ልትኖር ሄደች።

ከዚህ በኋላ ያለውን ከራሷ አፍ የሰማነውን ነው የምነግራችሁ፤ እሱ ደግሞ ያለውን በቦታው እነግራችኋለሁ። መጀመሪያ ቀን አንድ ጥፊ፣ ከዚያ ይቅርታ፣ ከዚያ ሌላ ጥፊ፣ ከዚያ ያለ ይቅርታ። ከዚያም አንድ ቀን ወደ አንድ ሆቴል ወሰዳት፤ ክፍሉ ውስጥ አምስት ወንዶች ይጠብቁ ነበር፤ እምቢ ስትል ሽጉጥ አወጣ። እዚያ የሆነውን አልተርከውም። ከዚያ ወዲያ ስልክ ስታነጋግር በሌላው መስመር አብሮ ያዳምጣል፣ መታጠቢያ ቤት ስትገባ በበሩ ቀዳዳ ይመለከታል፣ ሌሊት እንዳትነሳ በላይዋ ተጋድሞ ይተኛል፤ ገንዘብ በእጇ የለም፣ የመኪናው ቁልፍም በእጇ የለም።

«ለምን አላመለጠችም?» የሚል እዚህ መካከል አይጠፋም። ሦስት ጊዜ አመለጠች። ሁለቱን ጊዜ ተይዛ ተደበደበች። ሦስተኛውን ጊዜ እናት አባቷ ቤት ደረሰች፤ ትሬይነር ተከትሎ መጣና አብረሽኝ ካልሄድሽ ወላጆችሽን እገድላለሁ አላት፤ እሷም ይህን አታደርገውም ስትለው፣ እንግዲያው በዚህ በር መጀመሪያ የሚገባውን የእህትሽን ልጅ እመታዋለሁ አለ። ይህን ተናግሮ አፉን ሳይከድን ትንሹ ልጅ እየሮጠ ክፍሉ ውስጥ ገባ። ሊንዳ ከተቀመጠችበት ተነሳች፣ አንድ ቃል ሳትናገር ተከትላው ወጣች። እስቲ ከእናንተ መካከል ከተቀመጠበት የማይነሳ ማን ነው?

በ1971 አገባት። በፍቅር እንዳይመስላችሁ፤ እሱ ክስ ይፈራ ነበር፣ ሚስት ደግሞ በባሏ ላይ እንድትመሰክር አትገደድም፣ ያገባኝ ለዚህ ነው ትላለች። ባል ሚስቱን በግድ ቢደፍርም በዚያ ዓመት በአሜሪካ ግዛቶች ሕግ ወንጀል አይባልም ነበር፤ ሕጉ መለወጥ የጀመረው ከ1970ዎቹ አጋማሽ ወዲህ ነው። ስለዚህ የጋብቻው ወረቀት ለእሱ ሁለት ጊዜ ጋሻ ሆነው።

ከዚያም ወደ ኒው ዮርክ ይዟት ወጣ፤ በዚያም በትንንሽ ካሜራ፣ ድምፅ በሌለው አጭር ፊልም፣ ከመደርደሪያ ሥር የሚሸጥ ነገር ይሠሩ ከነበሩ ሰዎች ጋር አገናኛት። የዚያን ዘመን የወሲብ ፊልም ሥራ ምን ይመስል እንደነበር ጥቂት ልንገራችሁ፣ ነገሩን ለመረዳት ይጠቅማልና። ሥራው ግማሽ ሕጋዊ ግማሽ ሕገ ወጥ ነበር፤ የሚቀረጸው በተከራዩት ክፍል ወይም በሰው ቤት፣ ፖሊስ ይመጣል እየተባለ ነው። ማኅበር የለም፣ ክፍያው እጅ በእጅ ነው፣ ስሙ የውሸት ስም ነው። በካሊፎርኒያ ለእንዲህ ያለ ፊልም ተዋናይ መቅጠር ሴት እንደ ማሻሻጥ ሊያስከስስ ይችል ነበር፣ ይህንም የግዛቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የሻረው በ1988 ነው። እንግዲህ ተመታሁ፣ ተገደድኩ ብላ ፖሊስ ጣቢያ የምትሄድ ሴት መጀመሪያ የምትናገረው በራሷ ላይ ነው። ገንዘቡን ያወጡ ሰዎች ደግሞ ፖሊስ ከመጥራት ይልቅ ሌላ መንገድ የለመዱ ነበሩ።

ከእነዚያ ሰዎች ጋር ይሠራ የነበረ ጄራርድ ዳሚያኖ የሚባል ዳይሬክተር ሊንዳን አየና አንድ ሙሉ ፊልም በእሷ ዙሪያ አሰበ። ገንዘቡ ከፔራይኖ ቤተሰብ መጣ፤ ይህ ቤተሰብ ኮሎምቦ ከሚባለው የኒው ዮርክ ማፍያ ጋር የተያያዘ ነው። ወጪው ወደ 25,000 ዶላር ገደማ፤ ሥራውም በጥቂት ቀናት የሚያልቅ። በ1972 መጀመሪያ ላይ፣ ኒው ዮርክ በብርድ ሳለች፣ ሁሉም ተጠራርተው ወደ ማያሚ ሙቀት ወረዱ፤ አንድ ሆቴል ያዙና ካሜራቸውን ተከሉ።

አሁን እዚህ ላይ ቀስ እንበል።

የመጀመሪያው ቀን ሥራ ተሠራ። ያን ቀን ለሊንዳ ባዕድ የሆነ ነገር ገጠማት፤ የካሜራው ሰዎች በስሟ ጠሯት፣ አብረዋት ቀለዱ፣ እሷም ቀለደች፣ ሳቀች። ባሏ ከዳር ቆሞ ያይ ነበር። ዳሚያኖም የሰውየውን ፊት አይቶ ሥራ እንዳያውክበት ነው መሰለኝ በየሰበቡ ይልከው ነበር፤ ይህን አምጣ፣ ያን ግዛ እያለ። ይህም ማለት ዳይሬክተሩ አንድ ነገር ገብቶት ነበር ማለት ነው፤ ግን መፍትሔው የፊልሙ ሥራ እንዳይበላሽ እንጂ ልጅቷ እንዳትጎዳ አልነበረም።

መሸ። ሠራተኞቹ በአንዱ ክፍል ተሰብስበው ይጠጣሉ፣ ይስቃሉ፣ ሙዚቃ ይሰማል። በሚቀጥለው ክፍል ሊንዳና ባሏ ናቸው። ዛሬ ለምን ሳቅሽ ብሎ ጀመረ። ከዚያም በጡጫ፣ ከዚያም በጫማ፤ ከግድግዳ ግድግዳ አጋጫት። እሷም ጮኸች፣ የድረሱልኝ ጩኸት ጮኸች። ያን ጊዜ ከግድግዳው ወዲያ ያለው ሳቅ ቆመ። ፍጹም ጸጥታ ሆነ። ሊንዳም ሰሙኝ፣ አሁን ይመጣሉ ብላ ጠበቀች።

ማንም አልመጣም።

በእኛ አገር ኡኡ ሲባል ሰምቶ ከደጁ ያልወጣ ጎረቤት በማግሥቱ ቡና ላይ በምን ዓይኑ ይቀመጣል? እነዚያ ግን በማግሥቱ ጠዋት ተነሥተው ካሜራቸውን አነገቡ፣ ልጅቷንም አዩ፣ እግሯና ጭኗ በልዞ ነበር። ቅሬታቸውም ምን መሰላችሁ? ብልዘቱ በፊልሙ ላይ ይታያል የሚል ነው። በቅባት ለመሸፈን ሞከሩ፤ አልተሸፈነም። ዛሬም ፊልሙን ያዩ ሰዎች ያ ምልክት እንዳለ ይመሰክራሉ። ፈገግታዋም አለ፣ ብልዘቷም አለ፣ ሁለቱም በአንድ ሥዕል ላይ። ዓለም ፈገግታውን አይቶ ፈረደ።

ለሥራዋ 1,250 ዶላር ተከፈለ፤ ገንዘቡን የተቀበለው ባሏ ነው። ለእሷ ምንም አልደረሳትም። አዲስ ስም ግን ሰጧት፣ ሊንዳ ላቭሌስ።

ፊልሙም «ዲፕ ስሮት» ተብሎ በጁን 12 ቀን 1972 ኒው ዮርክ በሚገኘው ኒው ዎርልድ ቲያትር ተከፈተ። ቀድሞ እንዲህ ያለ ነገር የሚያይ ሰው ኮቱን ወደ ላይ አንሥቶ፣ ባርኔጣውን ደፍቶ ነበር የሚገባው። አሁን ግን ባልና ሚስት ተያይዘው ተሰለፉ፣ ጠበቃው፣ ጋዜጠኛው፣ የቴሌቪዥኑ ሰው ተሰለፈ፤ ትሩማን ካፖቴን የመሰለ ደራሲ ሳይቀር አየሁት አለ። ታላቁ ኒው ዮርክ ታይምስ በ1973 ጃንዋሪ በመጽሔቱ ላይ ነገሩ ፋሽን ሆነ ብሎ ጻፈ። የዋሽንግተን ፖስት አዘጋጆች ፕሬዚዳንት ኒክሰንን ላጋለጠው የምሥጢር ምንጫቸው የዚህን ፊልም ስም ቅጽል አድርገው አወጡለት። ሁሉም ሳቀ። በሊንዳ ላይ የሳቁ ብቻ አልነበሩም፤ ደፋር ናት፣ ነፃ የወጣች ሴት ናት እያሉ ያሞገሷትም ነበሩ። በስሟ በወጣው መጽሐፍም ሁሉን በደስታ ነው ያደረግሁት ተባለ፤ ቃሉ የባሌ ነው አለች በኋላ።

ገንዘቡስ? ገንዘቡ በጥሬው ነበር የሚሰበሰበው፤ የፔራይኖ ሰዎች በየሲኒማ ቤቱ በር ቆመው የሚገባውን ሰው ይቆጥሩ፣ ድርሻቸውንም ይዘው ይሄዱ ነበር። 600 ሚሊዮን ዶላር ገባ የሚሉ አሉ፤ ለእኔ የተጋነነ ይመስለኛል፣ ብዙ ሚሊዮን መሆኑ ግን አያጠራጥርም። አንድ ሦስተኛ ድርሻ የነበረው ዳሚያኖ እንኳ 25,000 ዶላር ተሰጥቶት ተሰናበተ፤ ጋዜጠኛ ለምን እሺ አልክ ሲለው፣ እግሬ እንዲሰበር ትፈልጋለህ ወይ ብሎ መለሰ። የፊልሙ ጌታ ሲፈራ ሁሉም ፍርሃቱን ተረዳለት። ሊንዳ ፈራሁ ስትል ግን ማስረጃ አምጪ ተባለች።

ፍርድ ቤቶችም ዝም አላሉም፣ ይህን ልብ በሉ። በማርች 1973 አንድ የኒው ዮርክ ዳኛ ፊልሙ ጸያፍ ነው ብለው ፈረዱ። በሜምፊስ ከተማ በ1976 አብሯት የተወነው ሃሪ ሪምስ ጸያፍ ነገር በማሰራጨት ሤራ ጥፋተኛ ተባለ፣ ኋላም ፍርዱ ተነሣለት። ሐኪም ተጠራ፣ ሊቅ ተጠራ፣ ይህ ሥዕል የተመልካቹን ሥነ ምግባር ያበላሻል ወይስ አያበላሽም ተብሎ ብዙ ቀን ተሟገቱ። የተመልካቹ ዓይን ነበር የተመረመረው። ያ የበለዘ እግር በፊልሙ ላይ ቁልጭ ብሎ እየታየ፣ ማን መታት የሚለው የክሱ ጉዳይ አልነበረም።

እሷስ? በ1973 ለመድረክ ትርኢት ልምምድ ስትገባ፣ የመድረኩ ሰዎች ትሬይነር ሥራ ያስፈታናል ብለው ከልምምዱ አራቁት፤ ያቺን ክፍተት ያዘች። እንደተገዛች መስላ፣ የሚላትን ሁሉ እሺ እያለች፣ ዛሬ ጥቂት ደቂቃ፣ ነገ ጥቂት ሰዓት እያጠራቀመች፣ አንድ ቀን ወጣችና አልተመለሰችም። ተደብቃ ከረመች። ኋላም ፍቺው ተፈጸመ። ትሬይነርም ጊዜ ሳይወስድ ማሪሊን ቼምበርስ የምትባል ሌላ የወሲብ ፊልም ዝነኛ አገባ።

ሊንዳ ላሪ ማርቺያኖ የሚባል ሠራተኛ ሰው አገባች፣ ሁለት ልጆች ወለደች፣ ከኒው ዮርክ ወጣ ብሎ በሎንግ አይላንድ ኖረች፤ ከመንግሥት እርዳታ እስከመቀበል ድረስ ተቸገሩ። ከዚያም በ1980 «ኦርዲል» የተባለውን መጽሐፍ አወጣች፤ አሳታሚው የውሸት መመርመሪያ ላይ ካልተቀመጠች አላትምም ብሎ ነበርና ተቀምጣ፣ ፈተናውን አልፋ ነው የታተመላት። በስንቱ ደራሲ ላይ ይህ ተደርጎ ያውቃል? መጽሐፉ ሲወጣ ትሬይነር ተጠየቀ፤ መምታቱን አልካደም፣ በፈቃዷ የነበረ ጨዋታ ነው አለ እንጂ፤ ሽጉጡንና ማስገደዱን ካደ። ከፊልሙ ሰዎችም ያኔ ደስተኛ ነበረች የሚሉ አልጠፉም። ቴሌቪዥን ላይ ስትቀርብም ጠያቂዎቹ የሚጠይቋት ስለ አስተዳደጓ ነበር፤ በልጅነትሽ ምን ጎደለብሽና እዚህ ደረስሽ እያሉ። የሴቶች መብት ተሟጋቿ ግሎሪያ ስታይነም ከእነዚህ አንዱን ፕሮግራም አይታ ተናድዳ ጻፈች፤ የእሱን አስተዳደግ የጠየቀ የለም ብላ።

ዲሴምበር 1983፣ የሚኒሶታ ብርድ አጥንት በሚሰብርበት ሰሞን፣ ዛሬ ብዙ ወገኖቻችን ወደሚኖሩባት ወደ ሚኒያፖሊስ ተጠርታ ሄደች። የሕግ መምህርቷ ካትሪን ማኪኖንና ጸሐፊዋ አንድሪያ ድዎርኪን፣ በእንዲህ ያለ ፊልም ተገድዳ የገባች ሴት በፍትሐ ብሔር እንድትከስ የሚፈቅድ ደንብ አርቅቀው ለከተማው ምክር ቤት አቅርበው ነበር። ሊንዳም በምክር ቤቱ ፊት ቆማ የሆቴሉን ሌሊት፣ የግድግዳውን ጸጥታ፣ የትንሹን ልጅ ነገር አንድ በአንድ አወጋች፤ ሰዎች ሁሉ ፈገግታዬን አይተው ደስ ብሏታል ይላሉ፣ ብልዘቱ ከየት መጣ ብሎ የጠየቀኝ ግን አንድም የለም አለች።

ምክር ቤቱ 7 ለ6 ደንቡን አጸደቀው። ከንቲባው ሻሩት። በኢንዲያናፖሊስ የወጣውን ተመሳሳይ ሕግም የፌዴራል ፍርድ ቤት የመናገር ነፃነትን ይጋፋል ብሎ ጣለው፣ በ1986 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም ያንኑ ውሳኔ አጸናው። ለመናገር ነፃነት የሚቆሙ ሰዎች ፍርሃታቸው ከንቱ ነው አልልም፤ መንግሥት መጽሐፍ ማገድ ከጀመረ የት እንደሚቆም አይታወቅምና። ነገር ግን በሽጉጥ ፊት የተቀረጸች ሴት ምስል የማን ንግግር ነው? ይህን ጥያቄ ያ ሁሉ ክርክር አልመለሰላትም።

ያ ያዙልኝ ያልኳችሁ በሽታም ደረሰ። በ1987 ጉበቷ አልቆ ፒትስበርግ ውስጥ የሌላ ሰው ጉበት ተተከለላት። ከዚያ ቤተሰቡ ወደ ዴንቨር ሄደ፤ በ1996 ከማርቺያኖ ተለያየች። በቢሮ ተቀጥራ ትሠራ ነበር። የወሲብ ፊልምን የሚቃወሙት ሴቶችም ተጠቀሙብኝ ብላ አማርራለች፤ በ2001 ደግሞ በውስጥ ልብስ ለአንድ መጽሔት ፎቶ ተነሣች፣ ይኼው ድሮም ውሸቷን ነበር ያሉም ነበሩ። እኔ ግን እላለሁ፣ 50 ዓመት ያለፋት፣ ገንዘብ የቸገራት ሴት በፈቃዷ ፎቶ ብትነሣ፣ ያለ ፈቃዷ የተነሣችውን ሐሰት አያደርገውም።

በኤፕሪል 2002 ዴንቨር ውስጥ ሁለተኛ የመኪና አደጋ ደረሰባት። ሐኪሞች ሊመልሷት አልቻሉም፤ በወሩ 22ኛ ቀን ልጆቿና የቀድሞ ባሏ ማርቺያኖ ባሉበት ከሕይወት ማቆያ መሣሪያው ተነቅላ ዐረፈች፣ 53 ዓመቷ ነበር። ፊልሙ 50 ዓመት ሲሞላው ታድሶ እንደገና ለተመልካች ቀርቧል። ቸክ ትሬይነር እሷ በሞተች በሦስተኛው ወር በልብ ሕመም ሞተ፤ እሷ ስለመሰከረችበት ነገር አንድም ቀን ችሎት ፊት ቆሞ አልተጠየቀም።